የፊዚክስ ሰዓት

ስፌት የምንላትን ተማሪ ከመካከላችን በዓይኑ ያያት ሰው አልነበረም። ሥራችን እንዲህ ነው፤ የምናስተምረውን ሰው አናየውም። የሳይንስ መምህር በጠፋባቸው ትምህርት ቤቶች የሚማሩ ልጆችን፣ ሙያውን በወጉ ከተማሩ መምህራን ጋር በስልክ እናገናኛለን። ፊዚክስ ጠዋት ነው፣ ኬሚስትሪ ከሰዓት በኋላ፣ ባዮሎጂ ወደ ማምሻው። መምህሩ በቀጥታ ያስተምራል፤ ልጆቹ የቤት ሥራቸውን በወረቀት ሠርተው ፎቶውን ይልካሉ፤ መምህሩ አርሞ ይመልሳል። የእኔ ድርሻ የቀረ መምህር መተካት፣ የጠፋ ልጅ ማፈላለግ፣ ኔትወርክ ሲቋረጥ ደግሞ ሁሉንም ይቅርታ መጠየቅ ነው።

ቢሮአችን ከጎማ ጥገና ቤት በላይ ያለች አንዲት ክፍል ናት። ከታች የንፋስ መሙያው ሞተር በተነሣ ቁጥር ወለሉ ይርዳል፣ የውሃ ብርጭቆው ጠረጴዛው ላይ ይሄዳል። መስኮቱን ስንከፍት የተቃጠለ ላስቲክ ይሸታል፤ ስንዘጋው እኛው ራሳችን እንሸታለን።

ባሕር ማዶ ተምሬ ስመለስ ነገሩ ሁሉ ቀላል መስሎኝ ነበር። እዚህ መምህር አለ፣ እዚያ ተማሪ አለ፣ የቀረው ማገናኘት ብቻ። አሁን እንደዚያ አይመስለኝም። ስክሪኑ ላይ የሚበሩትን አረንጓዴ ነጥቦች ሳይ ከእያንዳንዱ ጀርባ ምን እንዳለ አላውቅም፤ ልጅ ይሁን፣ ጠረጴዛ ላይ ተረስቶ የቀረ ስልክ ይሁን። አንዳንድ ቀን ጉድጓድ አፍ ላይ ቆሜ የምጣራ ይመስለኛል። የሚመለሰው ድምፅ የሰው ይሁን የራሴ አይለይልኝም።

ይህን ለፊዚክሱ መምህር ስነግራቸው «አንተ ባሕር ማዶ፣ አርፈህ ሥራህን ሥራ፤ ማሰብ ሥራ ሲፈቱ ነው» ይሉኛል። ጡረታ ከወጡ ቆይተዋል። ቤታቸው ኔትወርክ ስለማይደርስ የሚያስተምሩት ከእኛ ቢሮ ነው፤ ጠዋት ጠዋት ኮታቸውን ለብሰው፣ ማንም የማያየውን ከረባት አስረው ይመጣሉ። ልጆቹ «ሚዛን» የሚል ስም አውጥተውላቸዋል። ያልሆነውን ሆነ አይሉም። የተሳሳተውን መልስ አይምሩም፣ ትክክለኛውንም አያሞግሱም። «ልክ ነው» ካሉ ያ ልጅ ቀኑን ሙሉ ሲኩራራ ይውላል።

ይህን ቃል አብዝታ ያገኘችው ስፌት ናት። ስሙ የወጣላት ከስልኩ ነው፤ ስትመዘገብ «እናት ልብስ ስፌት» በሚል አካውንት ገባች፣ ፎቶውም የስፌት መኪና ነው። ከባድ ጥያቄ ሲመጣ ልጆቹ «ስፌት ሆይ ድረሽልን፣ ተቀደድን!» እያሉ ይጽፋሉ። እሷ ብዙ አታወራም። መልሱን ብቻ ትልካለች፣ ያለቀለት የደቀቀለት። አንዳንዴ በትምህርት መሐል ድንገት ትጠፋና ስትመለስ «ይቅርታ ቲቸር፣ ደንበኛ ደውሎ ነው» ትላለች። ሚዛን ይህን አይወዱም። «ለደንበኛሽ፣ ወዳቂ ድንጋይ አይጠብቅም በይው» አሏት አንድ ቀን። ለእሳቸው ይህ ትልቅ ቀልድ ነው።

ዝናቡ በበረታበት ሰሞን አንድ የሳይንስ አዳሪ ትምህርት ቤት ለእኛ ልጆች አንድ ቦታ ሰጠን። ትምህርቱ፣ ምግቡ፣ መኝታው፣ ቤተ ሙከራው፣ ሁሉም በነፃ። እኛ አንድ ልጅ እንልካለን፤ እነሱ ሰሌዳ ፊት አቁመው ይፈትኑታል፤ ከቻለ ይገባል። የሦስቱን ትምህርት ውጤት ሳስተያይ ከላይ ቁጭ ያለችው ስፌት ሆነች። የኬሚስትሪዋ መምህርትም፣ የባዮሎጂው መምህርም «ታዲያ ሌላ ማን ሊሆን ኖሯል!» አሉ። ሚዛን ብቻ የውጤቱን ወረቀት ስበው ደግመው አዩት።

«ምነው መምህር?»

«በሦስቱም አንደኛ?»

«በሦስቱም።»

«ሰው እኮ የሆነ ቦታ ላይ ይደክመዋል» አሉ። «እኔ ኬሚስትሪ እንቢ ቢለኝ ነው ፊዚክስ የገባሁት።»

እንዲህ ያለውን ዜና በስልክ መናገር ደስ አላለኝም። አድራሻውን ጠየቅኩና ከሚዛን ጋር ሄድን።

ቤቱ በጠባብ መንገድ ዳር በተርታ ከቆሙት አንዱ ነው። በሩ ላይ ራስ የሌለው የልብስ ማሳያ አሻንጉሊት ቆሟል፤ ዝናብ እንዳያበሰብሰው ላስቲክ አልብሰውታል። ከውስጥ እናቲቱ ስፌት መኪናው ላይ አቀርቅረዋል። እኛን ሲያዩ የነከሱትን መርፌ ከከንፈራቸው አወጡና ጨርቁ ላይ ሰኩት።

«ልኬት ነው ወይስ ጥገና?»

«ከትምህርቱ ነው የመጣነው፣ እትዬ» አልኩ። «ከስልኩ ትምህርት። ተማሪዋን ፈልገን ነው።»

«የትኛዋን?»

«በዚህ ስልክ የምትማረውን።»

«በዚህ ስልክ የማይማር ማን አለና!» ብለው ሳቁ። «እኔ ራሴ ሳልወድ በግዴ ተምሬአለሁ። ስለ ልብና ሳንባ እየሰማሁ ነው ሱሪ የማሳጥረው።»

ድምፃችንን ሰምተው ከመጋረጃው ጀርባ ሦስት ሴቶች ልጆች ወጡ። ታላቋ ቅንድቧ ላይ ዱቄት አለባት፤ ዳቦ ቤት ሌሊት ትሠራለች። መካከለኛዋ በእጇ መቀስ ይዛለች። ትንሿ የትምህርት ቤት ልብሷን አላወለቀችም። ግድግዳው ላይ አንድ ጥቁር ጨርቅ ተሰቅሏል፤ በልብስ መተለሚያ ጠመኔ የቀመር ዓይነት ሁሉ ተጽፎበታል። ሚዛን መነጽራቸውን አስተካክለው ተጠጉ።

«ይህ የማን ጽሑፍ ነው?»

«የእኔ ነው ቲቸር» አለች ታላቋ። ድምፁን አወቁት፤ ፊታቸው ሊፈታ ሲል ዓይናቸው ወደ ታች ወረደ።

«ይኼኛውስ?»

«ኬሚስትሪው የእኔ ነው» አለች መካከለኛዋ።

«የልቡን ሥዕል እኔ ነኝ የሣልኩት» አለች ትንሿ። «ቀለም ቢኖር ይበልጥ ያምር ነበር።»

ሚዛን ወደ እኔ ዞሩ። ሦስቱ መምህራን እያንዳንዳቸው የራሳቸውን ትምህርት ብቻ ነው የሚያርሙት። አንዱ ለሌላው የተላከውን ጽሑፍ አይቶ አያውቅም። ውጤቱን ብቻ የምደምረው ደግሞ እኔ ነኝ፤ ቁጥር የእጅ ጽሑፍ የለውም።

«ስልኩ አንድ፣ እኛ ሦስት» አለች ታላቋ፣ ጥፋት እንደሌለበት ነገር። «ጠዋት ከሥራ ስገባ ፊዚክስ ይጀምራል፤ እሱን እኔ ያዝኩ። ከሰዓት እሷ። ማምሻውን ትንሿ ከትምህርት ቤት ስትመጣ።»

«አንዷ ዕቃ ታጥባለች፣ አንዷ ትጠርጋለች፣ አንዷ ውሃ ትቀዳለች፤ ያው እንደዚያ ነው የተካፈልነው» አለች መካከለኛዋ።

«ከዚያ የያዝነውን እርስ በርስ እንነጋገራለን» አለች ታላቋ።

«እሷ እንኳ ትተኛለች!» አለች ትንሿ። «ስለ ኩላሊት ስነግራት አንኮራፋች።»

«ማታለል መሆኑን ታውቃላችሁ?» አሉ ሚዛን።

«ማንን ቲቸር?» አለች መካከለኛዋ። የምር ነበር የጠየቀችው።

ይዘነው የመጣነውን ዜና እኔ አልጀመርኩትም። በመጨረሻ ሚዛን ራሳቸው ተናገሩት፤ አዳሪ ትምህርት ቤቱን፣ ቦታውን፣ ፈተናውን፣ አንድ ልጅ ብቻ መሆኑን። ሲጨርሱ ላስቲክ የለበሰው አሻንጉሊት ላይ የሚወርደው ዝናብ ብቻ ይሰማ ነበር።

እኔ በተማርኩበት አገር ይህ ነገር አንድ ስም ብቻ ነው ያለው፤ ማጭበርበር ይባላል፣ ልጅቷም ከሁሉም ትምህርት ትሰረዛለች። በዚህ ቤት ደግሞ ሌላ ስም አለው፣ እህትማማችነት ይባላል። ሁለቱንም ስሞች አላመንኳቸውም። የማውቀው ነገር ቢኖር የመረጥናት ተማሪ በአንድ ሰው ገላ ውስጥ እንዳልነበረች ነው። አንደኛ የወጣችው ልጅ የለችም። ያሉት ሦስት ልጆች ናቸው፣ እያንዳንዳቸው ሲሶ የያዙ።

እናቲቱ መጀመሪያ ተናገሩ። «ሦስቱንም ቢወስዱልኝ መረቅኋቸው። አንዷን ምረጪ ካላችሁኝ ግን ከጣቶቼ የቱን ልቁረጥ?»

«እኔ እሄዳለሁ!» አለች ትንሿ።

«አንቺ ገና አፍንጫሽን በወጉ አልጠረግሽም» አለቻት መካከለኛዋ።

«እና? አንቺም መሄድ ትፈልጊያለሽ፣ አውቃለሁ። በይ አልፈልግም በይ!»

መካከለኛዋ መቀሱን ከፍታ ዘጋችው። «እኔ ብሄድ ይኼን ሁሉ ጠርዝ ማን ይዘመዝመዋል?» አለች እየሳቀች። ሳቁ ግን ዓይኗ ድረስ አልወጣም። የኬሚስትሪዋ መምህርት ይህችን ልጅ እንዴት እንደምታደንቃት ስለማውቅ ወደ ውጭ አየሁ።

ሚዛን ታላቋን ዕድሜዋን ጠየቋት። በሹክሹክታ ነገረቻቸው። ትምህርት ቤቱ የዕድሜ ገደብ አለው፤ ለእሷ ይህ የመጨረሻው ዓመት ነው፣ ሁለቱ ግን ሌላ ዕድል ሊያገኙ ይችላሉ። ያን ሲሰሙ ነገሩ አለቀ። ትንሿ እንኳ አልተከራከረችም፤ መጋረጃው ጀርባ ገብታ አፍንጫዋን ስትነፋ ሰማናት፣ ስትወጣ «እሺ፣ ባዮሎጂውን ግን እኔ ነኝ የማስጠናት» አለች።

«አንድ ነገር ልንገራችሁ» አሉ ሚዛን። «ሰሌዳው ፊት የምትቆመው እሷ ብቻ ናት። እዚያ የምትመልሰው የራሷ ነው፤ ካወቀች አወቀች፣ ካላወቀች ማንም አያድናትም። እንደዚያ ከሆነ አልዋሸንም።»

ወደ ቢሮ ስንመለስ «ልክ ነው ይላሉ መምህር?» አልኳቸው።

«ልክ ነው አላልኩም» አሉ።

ከዚያ በኋላ ባሉት ሳምንታት ትራስ ውስጥ ጥጥ እንደሚጠቀጠቅ ሁለቱ እህቶች ያላቸውን ሁሉ ታላቋ ላይ ጠቀጠቁ። ከዳቦ ቤት ስትገባ ፊዚክሷን ትማራለች፤ ትንሽ ተኝታ ስትነሣ መካከለኛዋ ጥቁሩን ጨርቅ አራግፋ ትጠብቃታለች፤ ወደ ማምሻው ትንሿ ትረከባታለች። እኔ የድሮ ጥያቄዎች አትሜ ስወስድላቸው ታላቋ ቆማ ነው የማገኛት። ከተቀመጠች እንቅልፍ ይጥላታል። ትንሿ ዝም ብላ ማስጠናት አልሆነላትም፤ ግጥም ትገጥማለች። «ደም ቅዳ ንጹሑን ይቀዳ፣ ደም መልስ የቆሸሸውን ይመልስ!» እያለች ታላቋን እጇን ይዛ ታወዛውዛታለች። እናቲቱ መኪናውን አቁመው ያያሉ። «ይኼማ እኔንም ገባኝ» ይላሉ።

እኔንም ገብቶኝ ነበር። ግጥሙ ጥሩ ነበር።

ትምህርት ቤቱ ከከተማ ወጣ ያለ ነው። በሰፊው ግቢ የታጨደ ሣር፣ በረጅሙ ኮሪደር ፊት የሚያሳይ ወለል። ታላቋ እናቷ የሰፉላትን ሰማያዊ ቀሚስ ለብሳለች። ጫማዋ ወለሉ ላይ ጭቃ እንዳይተው በጣቷ ትራመድ ነበር። ፈታኞቹ ሦስት ናቸው፤ ሁለት ወንዶችና አንዲት ፀጉራቸው የሸበተ ሴት። እኔና ሚዛን ከኋላ አግዳሚ ወንበር ላይ እንድንቀመጥ ፈቀዱልን።

መጀመሪያ ፊዚክስ ነበር። አንዱ ድንጋይ ከጣሪያ ዝም ብሎ ቢለቀቅ፣ ሌላው ከዚያው ጣሪያ ወደ ፊት ቢወረወር የቱ ቀድሞ መሬት ይነካል አሏት። ሳትቸኩል ጠመኔውን አነሣች። ሁለቱን መንገድ ሣለች፣ ወደ ፊት የሚሄደውን ከሚወድቀው ለይታ አስቀመጠች፣ እኩል ይደርሳሉ አለች። ፈታኙ ጥያቄውን አጠበቁባት፤ ንፋስ ጨመሩ፣ ጣሪያውን አዘነበሉ። እሷ ከእሳቸው ጋር እየተጫወተች ሄደች። የደከመች ልጅ አትመስልም። ሚዛን ጉልበታቸውን ይዘው ወደ ፊት ዘንበል ብለው ነበር፤ ከንፈራቸው «ልክ ነው፣ ልክ ነው» ሲል አየሁ፣ ድምፅ ግን አልወጣውም።

ኬሚስትሪው ላይ ቀስ አለች። የመካከለኛዋን ዘዴ እየተከተለች፣ በግራና በቀኝ ያለውን በጣቷ እየቆጠረች፣ እየደመሰሰች፣ በመጨረሻ አመጣችው። አንዱን ጥያቄ «አላውቅም» አለች። ፈታኙ ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ቅር ያላቸው አይመስሉም።

ከዚያ ሴትየዋ ተነሡ። የልብና የሳንባን ሥዕል ሰሌዳው ላይ ሣሉ፤ ከልብ ወደ ሳንባ የሚሄደውን ቱቦ በጠመኔው ነኩ።

«ይህ ደም ቅዳ ነው። በውስጡ ያለው ደም ኦክስጅን የበዛበት ነው ወይስ ያነሰበት?»

«የበዛበት» አለች ታላቋ ወዲያው።

«ለምን?»

«ደም ቅዳ ንጹሑን ነው የሚቀዳው። ደም መልስ ነው የቆሸሸውን የሚመልሰው።»

ሴትየዋ ፈገግ አሉ። ሊረዷት እንደፈለጉ ያስታውቃል። «ሁልጊዜ?»

«ሁልጊዜ።»

«እስቲ ረጋ ብለሽ አስቢው። ደሙ ወደ ሳንባ የሚሄደው ምን ፈልጎ ነው?»

ልጅቷ ሥዕሉን አየች። ያን ጊዜ በራሷ ጭንቅላት ብታስብ ኖሮ ታገኘው ነበር፤ ከዚያ የከበደውን ከጥቂት ደቂቃ በፊት አግኝታዋለች። ግን አልፈለገችም። የፊዚክስ ነገር ሲሆን ትጠራጠራለች፣ ትፈትሻለች፤ ይህ ግን እህቷ እጇን ይዛ የሰጠቻት ነው።

«እርግጠኛ ነኝ» አለች።

«ደግሜ ልጠይቅሽ?»

«እርግጠኛ ነኝ ቲቸር። በደንብ ነው የተነገረኝ።»

ሴትየዋ ሥዕሉን አጠፉት። ሌላ ሁለት ጥያቄ ጠየቋት፤ አንዱን በግጥም መለሰች፣ ሁለተኛውን አልመለሰችም።

ውሳኔውን ብዙ አላዘገዩትም። ሴትየዋ ኮሪደሩ ላይ ወጥተው በጎን ነገሩን። «በፊዚክስ እንደ እሷ ያለ ልጅ ቆሞ አይተን አናውቅም» አሉ። «ግን እዚህ የምንቀበለው በሦስቱም የቆመን ነው። ባለማወቋ አይደለም ቅር ያለኝ፤ በር ከፍቼላት አልገባም ማለቷ ነው።» ቦታው ከእሷ ቀጥሎ ላለው ልጅ ይሰጣል። ለእሷ ሌላ ዓመት እንደማይኖር እሳቸውም ያውቃሉ፤ ስለዚህ «በርቺ» የሚለውን ቃል ጀምረው ተዉት።

አውቶቡስ ፌርማታው ላይ ቆመናል፤ ዝናቡ ካፊያ ሆኗል። ታላቋ አላለቀሰችም። ቆይታ «ምን ነበር መልሱ?» አለችኝ።

ነገርኳት። ወደ ሳንባ የሚሄደው ደም ኦክስጅን ሊያመጣ እየሄደ ስለሆነ ያነሰበት ነው፤ ደም ቅዳ ቢሆንም። ከደም ቅዳዎች እሱ ብቻ ነው ከደንቡ የሚወጣው።

ወዲያው ገባት። እጇን ግንባሯ ላይ አደረገች። «ይኼን እኮ አንድ ዓይኔን ጨፍኜ አገኘው ነበር» አለች። ከዚያ ሌላ ነገር ትዝ አላት። «የልብ ትምህርት ያለ ቀን ደንበኛ ደወለ። እማ ስልኩን ይዛ ወጣች፣ ልኬት ስትቀበል ቆየች። ትንሿ እየተነጫነጨች ጠበቀች፤ ስትመለስ ትምህርቱ አልቋል። ግማሹን ነው የሰማችው።»

«ጥፋት አይደለም» አልኳት። «የማንም ጥፋት አይደለም።»

«ጥፋት መሆኑንማ እማና ትንሿ ናቸው የሚወስኑት» አለች። ወደ ሚዛን ዞረች። «ቲቸር፣ አንድ ነገር ልለምንዎት። ቤት ስንደርስ በፊዚክስ ነው የወደቀችው በሉልኝ።»

«በፊዚክስ?» አሉ ሚዛን።

«የራሴ ሲሆን ይቀለኛል። በባዮሎጂ ነው ካልን ትንሿ ሁለተኛ መጽሐፍ አትነካም፣ አውቃታለሁ። እማም ስልኩ በጮኸ ቁጥር ያን ቀን ታስበዋለች። በፊዚክስ ከሆነ ማንም የለበትም። እኔና እርስዎ ብቻ።»

«እኔ ያልሆነውን ሆነ ብዬ አላውቅም፣ ልጄ።»

«አውቃለሁ። ለዚያ ነው እኔ ብናገር የማያምኑኝ፣ እርስዎን ግን የሚያምኑት።»

አውቶቡሱ መጣ። ሚዛን መንገዱን ሙሉ መስኮቱን ሲያዩ ሄዱ፤ መስታወቱ በጉም ተሸፍኖ ስለነበር የሚታይ ነገር አልነበረም። እሷ ከአጠገባቸው ተቀምጣ ወዲያው እንቅልፍ ወሰዳት፤ ራሷ ትከሻቸው ላይ ሲወድቅ አላነሱትም።

በሩ ላይ ሦስቱም ይጠብቁን ነበር። ፊታችንን ሲያዩ እናቲቱ ገባቸው፤ ሁለቱን እጆቻቸውን ደረታቸው ላይ ጫኑ። ትንሿ ግን «እ? እ?» እያለች በመካከላችን ተሽሎከለከለች።

«አልሆነም» አለች ታላቋ።

«በምን? በምን ነው የጣሉሽ?»

ታላቋ ወደ መሬት አየች። ሚዛን ከረባታቸውን ነካ አደረጉ።

«በፊዚክስ» አሉ።

«በፊዚክስ!» አለች ትንሿ። «በፊዚክስማ አይሆንም! እቴቴ እኮ በፊዚክስ...» ቃሉ አልበቃትም። «ደም ቅዳን ጠየቋት?»

«ጠየቋት።»

«መለሰች?»

«መለሰች» አሉ ሚዛን። ይህኛው እውነት ነበር፤ ይህን ሲሉ ድምፃቸው ትንሽ ቀና አለ።

«አላልኩሽም!» ብላ እህቷን እጇን ያዘች፤ ወዲያው ደግሞ ንዴቷ መጣ። «ታዲያ እርስዎ ምን አስተምረዋት ነው? እኛ የእኛን በደንብ አስጠንተናታል። የወደቀችው በእርስዎ ነው ማለት ነው!»

«ኧረ ተይ አንቺ፣ ለታላቅ ሰው!» አሉ እናቲቱ።

«ትናገር እትዬ» አሉ ሚዛን። «ልክ ናት።»

መካከለኛዋ ታላቋን አየቻት፣ ሚዛንን አየቻቸው፣ መልሳ ታላቋን አየቻት። የሆነ ነገር እንዳልገጠመላት ያስታውቃል፤ እንደ ልማዷ በግራና በቀኝ ያለውን እየቆጠረች ነበር። ታላቋ ዓይኗን ስታሸሽባት ግን መቁጠሯን አቆመች፤ ሄዳ ውሃ አሞቀችላት።

ተቀመጥን። እናቲቱ የልጃቸውን ጫማ ጭቃ በጨርቅ እየጠረጉ «እግዜር ያላለው» አሉ፣ «አይሆንም። እናንተም ደክማችኋል፣ ባይሳካም ውለታችሁን አልረሳም።» ዞር ብለው ስልኩን ከስፌት መኪናው ላይ አነሡት። ሲያስቡ የቆዩት ነገር እንደነበረ ይታያል፤ ክፋት አልነበረበትም፣ የእናት ሒሳብ ነበር።

«እንግዲህ ፊዚክሱ እንቢ ካለ ምን ይደረጋል። ሁለቱ የያዙትን ይቀጥሉ፣ የእነሱ አምሯል። ጠዋት ጠዋት ግን ስልኩ ከእኔ ጋር ይሁን፤ ሥራ የሚመጣው ጠዋት ነው። እሷም ከዳቦ ቤት ስትገባ ትተኛ። ዓይኗን እዩት እስቲ፣ ጉድጓድ ሆኗል። ባልሆነ ነገር ምን አቃጠላት?»

እኔም ሚዛንም አንድ ጊዜ ቀና አልን። ይህን አላሰብንበትም ነበር። ፌርማታው ላይ ስትለምነን እሷም ያሰበችው አልመሰለኝም፤ ፊቷ ላይ ያየሁት እንደዚያ ነው። ለአፍታ አፏ ተከፈተ። ያቺ ሰዓት ብቻ ነበረቻት። ሌሊቱን ሙሉ እሳት ፊት ቆማ ስትገባ፣ ከእንቅልፍ በፊት የምትሰርቃት።

«እትዬ» አሉ ሚዛን፤ ከመቀመጫቸው ተነሡ። «ነገሩ እኮ...»

ታላቋ አየቻቸው። ትንሿ እህቷን እጇን እንደያዘች ነበር፣ ጉንጯን ትከሻዋ ላይ አስደግፋ።

ሚዛን ቆመው ቀሩ። እኔ ቃል አልገባሁም ነበር፤ መናገር እችል ነበር። ብናገር የማድነው ማንን እንደሆነ፣ የምጎዳው ማንን እንደሆነ ሳወጣና ሳወርድ ጊዜው አለፈ።

«እሺ እማ» አለች ታላቋ። «ልክ ነሽ። ልተኛበት።»